ሰምቼ አላውቅም ያልኩት ቃል

ኦክስፎርድ፣ ኖቬምበር 11 ቀን 1954

ለእህቴ፤

እንደምን ሰነበትሽ? ጉልበትሽ እንዴት ነው፣ ደረጃ ስትወጪ አሁንም ያምሻል? ራልፍን ሳሉ ለቀቀው? ኢስተርስ አዲሷን አስተማሪ ወደደቻት? እኔ በጤናዬ ደህና ነኝ። እዚህ ዝናቡ ሁለተኛ ሳምንቱን ይዟል፤ ወንዙ ሞልቶ ሜዳው ላይ ተኝቷል።

ከጁን ወዲህ ሦስት ደብዳቤ ጽፌልሻለሁ። ሦስቱንም እንዲሁ በሰላምታ ጀምሬ፣ ስለ አየሩ አውርቼ፣ በሰላምታ ዘጋኋቸው። ለምን እንዳልመለስሽልኝ ገብቶኛል። እንደምን ነሽ ብሎ የሚጠይቅ ሰው መልሱን ለመስማት የቆረጠ መሆን አለበት፤ እኔ ግን መልስሽን እየፈራሁ ነበር የምጠይቅሽ። ይህኛው እንደ እነዚያ አይደለም። ልጆቹ ትምህርት ቤት ሲሄዱ ቁጭ ብለሽ አንብቢው። ሳትጨርሺ እሳት ውስጥ እንዳትጨምሪው ብቻ እለምንሻለሁ፤ ከጨረስሽ በኋላ የፈለግሽውን አድርጊው።

አብዛኛውን አንቺው ታውቂዋለሽ፣ ከእኔም በላይ ታውቂዋለሽ። የምጽፈው አንቺ ስለማታውቂው አይደለም። ማወቄን እኔው በእጄ ጽፌ እንድታዪው ስለምፈልግ ነው።

ሥራዬ ምን እንደሆነ በቅጡ ነግሬሽ አላውቅም። ስትጠይቂኝ ፍልስፍና እልሻለሁ፣ አንቺም «ክፍሉ እሳት እስካለው ድረስ ጥሩ ነው» ትዪኝና ወደ ሥራሽ ትመለሻለሽ። ሥራዬ ስለ ቃላት ነው። ድሮ ሊቃውንቱ ቃል ማለት ጭንቅላት ውስጥ በተቀመጠ ነገር ላይ የተለጠፈ ስም ይመስላቸው ነበር። እኛ አይደለም እንላለን። የቃል ትርጉም ሰዎች በየቀኑ ሲጠቀሙበት፣ ቃሉ በመካከላቸው በሚሠራው ሥራ ውስጥ ነው እንላለን። የከሰል ጉድጓዳችንን ደወል አስቢው። አንድ ጊዜ ሲመታ ቁም ነው፣ ሁለት ጊዜ አውርድ ነው፣ ሦስት ጊዜ ሰው ተሳፍሯል ነው። ደወሉን ብትፈቺው ውስጡ «ሰው ተሳፍሯል» የሚል ነገር አታገኚም። ትርጉሙ ያለው ደወሉን ሰምቶ ሰው የሚያወርደውንና የሚያወጣውን ሞተር ቀስ አድርጎ በሚነዳው ሰውዬ እጅ ላይ ነው።

ይህን ምሳሌ ለተማሪዎቼ ስምንት ዓመት አስተምሬበታለሁ። ይወዱታል። ግን የመርከብ ደወል ነው የምላቸው። ከየት እንዳወቅኩት እንዳይጠይቁኝ ነው።

ቅዳሜ ቅዳሜ ጠዋት ስድስት ሰባት ሆነን ፔልሃም የሚባል ባልደረባዬ ክፍል እንሰበሰባለን። አንድ ሰው አንድ አባባል ያመጣል፣ ከዚያ «እኛ ይህን የምንለው መቼ ነው? እንዴት ስንሆን ነው የምንለው?» እየተባባልን እስከ ምሳ እንከራከራለን። የዛሬ ሁለት ዓመት ገደማ ፔልሃም ባቡር ላይ የሰማውን ይዞ መጣ። አንዲት የሰሜን እንግሊዝ ሴትዮ «ማንበብ የተማረችኝ እናቴ ናት» አለች፤ አስተማረችኝ ለማለት ነው። ይህ ስህተት ነው ወይስ ሌላ አጠቃቀም ነው ብሎ ጠየቀን። ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ፣ ሰሜን ተወልጄ እንዳደግኩ በሩቁ ያውቃሉና። እኔም ሳቅ ብዬ «እንዲህ የሚል ሰው ገና መናገር አልቻለም ማለት ነው» አልኩ። ተሳቀ።

እናታችን ስትሞት እኔ አምስት ዓመቴ፣ አንቺ አሥራ አራት ነበርሽ። ትምህርትሽን ትተሽ ቤት ገባሽ። ምሽት ላይ አሮጌ ጋዜጣ ጠረጴዛው ላይ ዘርግተሽ፣ ጣትሽን በየፊደሉ እያስኬድሽ፣ አንዱን ገጽ ስጨርስ ድንች የምትልጪው በዚያው ገጽ ላይ ነበር። ለጎረቤቶች «እሱን ማንበብ የተማርኩት እኔ ነኝ» ስትዪ ደረትሽን ነፍተሽ ነበር። ፔልሃም ክፍል ውስጥ ሲስቁ ይህ ሁሉ ዓይኔ ላይ ነበር። አብሬ ሳቅኩ።

ከዚያ ወዲህ የመጣው ሁሉ በዚያ ቀን የጀመረ ይመስለኛል። እውነቱን ለመናገር ግን ከዚያም በፊት ነው። እዚህ የገባሁ የመጀመሪያው ዓመት ላይ «አባትህ ምን ይሠራሉ?» ሲሉኝ አስተማሪ ናቸው ብዬ ነበር። አባባ እሁድ እሁድ በጸሎት ቤቱ ልጆች ያስተምር አልነበር? እሱን ተደግፌ ነው ያልኩት። ሰኞ ሲነጋ ከሰል ሊቆፍር እንደሚወርድ አልተናገርኩም። በዚህ ዓመት ፌብሩዋሪ ላይ ደግሞ በኮሌጃችን እራት አንድ ዳኛ እንግዳ ሆነው መጥተው አጠገቤ ተቀመጡ። በወጣትነታቸው የዚሁ ኮሌጅ ተማሪ ነበሩ። በሰሜን ካለችው ከደርሃም መሆኔን ሰምተው አባትህ ምን ነበሩ አሉኝ። «አስተማሪ ነበሩ» አልኳቸው። «ከስምህ ጠርጥሬ ነበር» ብለው ብርጭቋቸውን አነሱልኝ። ከስሜ ምን እንደጠረጠሩ እስካሁን አላውቅም።

በሚቀጥለው ወር የናትራስ ነገር ደረሰ።

ያን ቀን የሆነውን ከአንቺና ከቆፋሪዎቹ ማኅበር ጸሐፊ ከሄፕል እንደሰማሁት ልጻፈው። የፈረቃው ሹም ናትራስና ባልሽ ካትበርት ከሳምንት በፊት በድጋፍ እንጨት ተጣልተዋል። ካትበርት ጣሪያው የሚደገፍበት እንጨት አነሰ ብሎ ሰው ሁሉ በተሰበሰበበት ጮሆበታል። ያን ቀን ሦስተኛው መተላለፊያ ውስጥ ጣሪያው ሲንቋቋ ተሰማ። ናትራስ ሠራተኛውን አስወጥቶ፣ እኔ ብቻዬን ገብቼ ልየው አለ። ሌላው ሲወጣ ካትበርት አልወጣም። መተላለፊያው አፍ ላይ ቁጭ አለና ናትራስን «ግባ፣ መጨረሻህን አያለሁ» አለው። ከደቡብ አገር ከመጣ ሦስት ወር ያልሞላው ወጣቱ ምክትል ሥራ አስኪያጅ ይህን ሰምቶ ወጣ። ግማሽ ሰዓት ሳይሞላ ጣሪያው ወረደ። ሰዎች ተመልሰው ሲገቡ ካትበርት በባዶ እጁ ድንጋይ ሲያነሳ፣ ጥፍሮቹ ተነቅለው፣ የናትራስን ሬሳ እስከ ወገቡ አውጥቶ አገኙት። ከጎኑ ደግሞ አንድ ድጋፍ እንጨት ተነቅሎ ተጋድሞ ነበር። ካትበርት ድንጋዩን ልፈነቅልበት ነቀልኩት አለ። ምክትሉ ደግሞ ሲዝትበት ሰምቻለሁ አለ። እንጨቱን ነቅሎ ጣሪያውን ጣለበት ተብሎ ተከሰሰ።

በሌላ አገር ሰው ጆሮ ያ ቃል ምን እንደሆነ አውቃለሁ። የተጣላኸው ሰው ዓይንህን እያየ መጨረሻህን አያለሁ ቢልህ እሱ ዛቻ ነው፣ ጥፋትህን ያሳየኝ ማለት ነው። በእኛ መንደር ግን እንዲህ ነው፤ መናገር በነበረብኝ ቀን ያልተናገርኩትን እዚህ ልጻፈው። አንድ ሰው ወደ ክፉ መተላለፊያ ሲገባ፣ አፉ ላይ የሚቀረው ሰው መጨረሻህን አያለሁ ይለዋል። መጨረሻ የምንለው የመተላለፊያውን አፍ ነው። እዚህ አፍ ላይ ብቅ ስትል ሳላይህ ወደ ላይ አልወጣም፣ ፋኖሴ ቢጠፋም ከዚህ አልነቃነቅም ማለት ነው። ለጓደኛ ይባላል። ለተጣሉት ሰው ደግሞ የበለጠ ይባላል፣ ሰው ተቀያይሞ መሬት ሥር ተለያይቶ እንዳይቀር። አባባ በየጠዋቱ በራችን ላይ ሆኖ ለሥራ ጓደኛው ይለው ነበር። እኔ ራሴ አሥራ ስምንት ዓመት ሞልቶኝ ወደዚህ ስመጣ ካትበርት ሳጥኔን ተሸክሞ ባቡር ጣቢያ ድረስ ሸኘኝ። ተሳፈር፣ መጨረሻህን አያለሁ አለኝ። ባቡሩ ከድልድዩ ማዶ እስኪዞር ድረስ መድረኩ ላይ ቆሞ ነበር። በመስኮቱ አንገቴን አውጥቼ አይቼዋለሁ።

የማኅበሩ ጸሐፊ ሄፕል ሲጽፍልኝ ነገሩን አጭርና ግልጽ አድርጎ ነው። «አምስት ሰዎቻችን ይመሰክራሉ፣ ግን ለጓደኛቸው ይዋሻሉ ይባላሉ። አንተ ግን የተማርክ ሰው ነህ፣ ስለ ቃል ትርጉም መጽሐፍ የጻፍክ ሰው ነህ፤ አንተን ያምኑሃል። ሁለት ደቂቃ አይፈጅብህም» ብሎኛል። እመጣለሁ ብዬ መለስኩለት። ግን አስቀድሜ በልቤ አንድ መውጫ አዘጋጅቼ ነበር። ስለ ቋንቋ በጠቅላላው እናገራለሁ፣ ትርጉም ከአጠቃቀም እንደሚመጣ እንደ ሊቅ አስረዳለሁ፣ ስለ ቤታችን አንድም ቃል ሳልናገር እወጣለሁ ብዬ ነበር ያሰብኩት።

ችሎት ስገባ ቀና ብዬ አየሁ። የተቀመጡት እኚያ እራት ላይ የነበሩት ዳኛ ናቸው። አወቁኝ፤ ራሳቸውን በትንሹ ነቅነቅ አደረጉልኝ። አንቺ በስተግራ ሁለተኛው አግዳሚ ላይ፣ የእናታችንን ጥቁር ኮፍያ አድርገሽ ተቀምጠሽ ነበር።

የካትበርት ጠበቃ ሲጠይቀኝ በደንብ ተናገርኩ። ቃል ብቻውን እንደማይቆም፣ አንድ አባባል ምን ማለት እንደሆነ የሚጠቀሙበትን ሰዎች ሕይወት ሳያዩ መፍረድ እንደማይቻል አስረዳሁ። ፍርድ ሊሰጡ የተቀመጡት አሥራ ሁለት ሰዎች ያዳምጡኝ ነበር፤ አንዷ ሴትዮ አንገቷን ትነቀንቅ ነበር። ከዚያ ዐቃቤ ሕጉ ተነሳ።

«ተከሳሹ የእህትዎ ባል ነው?» አለኝ።

አዎ አልኩት።

«እንግዲያው እርስዎም የዚያው መንደር ሰው ነዎት።»

«እህቴ እዚያ አግብታ ነው» አልኩት።

ይህ ሐሰት አይደለም፤ ያገባሽው እዚያ ነው። ግን የተወለድሽውም እዚያ ነው፣ እኔም ከአንቺ በኋላ እዚያው አልጋ ላይ። እኔ ግን ሰዎቹ ፊት አንቺን ከደህና ቤት ወጥታ ማዕድን ሠፈር የወደቀች ሴት አስመሰልኩሽ። ስናገር ወደ አንቺ አላየሁም።

«ጥሩ። ይህን አባባል፣ ተከሳሹና ጓደኞቹ በሚሉት ትርጉም፣ በራስዎ ጆሮ ሰምተው ያውቃሉ?»

አዎ ብል የሚቀጥለው ጥያቄ ከማን የሚል ነው። ከአባቴ ማለት ነበረብኝ። አባትዎ ምን ይሠሩ ነበር ይለኛል። ከዐቃቤ ሕጉ ትከሻ በላይ ዳኛው በትዕግሥት ይመለከቱኛል። ሁሉንም አስቤዋለሁ እህቴ፤ ደንግጬ አመለጠኝ እንዳልልሽ፣ ለማሰብ ጊዜ ነበረኝ። የባቡሩን መድረክ አስታውሻለሁ። የካትበርትን ኮፍያ አስታውሻለሁ።

«በራሴ ጆሮ ሰምቼ አላውቅም» አልኩ።

ካትበርት ተከሳሽ የሚቆምበት ሳጥን ውስጥ ሆኖ ቀና አለ። የተናደደ አይመስልም ነበር። የሆነ ሰው መንገድ ላይ በስሙ ጠርቶት ዞር ብሎ ማንንም እንዳጣ ሰው ነበር የሚመስለው።

ዳኛው ለአሥራ ሁለቱ ሲያብራሩ የተናገሩትን ሰምተሻል። «የተከሳሹ የገዛ አማች፣ የተማረ ሰው፣ ሊረዳው የሚፈልግ ሰው እንኳ ይህን ትርጉም ሰምቼ አላውቅም ብሏል» አሉ። አራት ዓመት ተፈረደበት።

ደረጃው ላይ ሴቶቹ ከበውሽ ነበር። አንዷ፣ የሄፕል ሚስት ትመስለኛለች፣ እኔ እንድሰማ አድርጋ «ሰምቼ አላውቅም? በየጠዋቱ ምን እየሰማ ነው ያደገው?» አለች። አንቺም «ተዪው፤ ልጅ ሆኖ ነው የወጣው። ረስቶት ነው» አልሻት። ከዚያ ወደ እኔ መጥተሽ የኮቴን ኮሌታ አቃናሽልኝ፣ ያኔ ትምህርት ቤት ስትልኪኝ እንደምታደርጊው። «ሂድ፣ ባቡሩ እንዳያመልጥህ» አልሽኝ። ዓይንሽን አይቻለሁ። እንዳልረሳሁ ታውቂ ነበር። ለሴቶቹ ረስቶት ነው ስትዪ፣ ባልሽ በተፈረደበት በዚያው ሰዓት ለእኔ ስትዪ ዋሸሽ። ብትመቺኝ ይሻለኝ ነበር።

ከዚያ ወዲህ ያለውን አንቺ አታውቂውም።

ያለፈው ወር አንድ ቅዳሜ ፔልሃም ከጋዜጣ የቆረጠውን ወረቀት ይዞ መጣ። የእኛ ጉዳይ ነበር። «ከዚህ የተሻለ ምሳሌ አይገኝም፤ ደግሞም ምስክሩ እዚሁ አጠገባችን ነው» አለ። ሻይ ተቀዳ፣ ብስኩት ዞረ። አንድ አባባል የሚጠቀሙበት ሰዎች ብቻ በሚያውቁት መንገድ ትርጉም ሊኖረው ይችላል ወይ? ሰዎቹ ለጓደኛቸው ሲሉ ትርጉሙን ፈጥረውት ቢሆንስ በምን እናውቃለን? አንድ ሰዓት ተኩል ተከራከሩ። ካትበርትን «ተከሳሹ» ይሉታል፤ ናትራስን ስም አልሰጡትም።

ማርቻንት የሚባሉ አዛውንት አሉ፤ ብዙ አይናገሩም፣ አንዳንዴም የተኙ ይመስላሉ። እሳቸው ዓይናቸውን ሳይገልጡ «አምስት ሰዎች በየቀኑ የምንለው እንዲህ ለማለት ነው ብለው ምለዋል። ከዚህ ሌላ ምን ዓይነት ማስረጃ ነው የምንፈልገው? እኛ እንላለን፣ እኛ አንልም እያልን እዚህ ስንት ዓመት ተቀምጠናል። ይህ እኛ የምንለው ማነው?» አሉ።

 እኔ ተነሳሁ። መነሳቴን ያወቅኩት ሲኒው ከጉልበቴ ሲወድቅ ነው። «እኔ ሰምቼዋለሁ» አልኩ። «አባቴ ከሰል ቆፋሪ ነበር። በየጠዋቱ ይለው ነበር። ለእኔም ተብሎልኛል። ፍርድ ቤት ዋሽቻለሁ።»

 ከዚያ ፔልሃም እርሳሱን አነሳና «በጣም ደስ የሚል ነው። ጠዋት ብቻ ነው የሚባለው?» ብሎ ጠየቀኝ። ክፉ ሰው አይደለም። የሚጽፈው ነገር አገኘና ጻፈው። እኔም ሰዎችን ስምንት ዓመት እንዲሁ ነበር የማዳምጣቸው።

ከዚያ ቅዳሜ ቀጥሎ ባለው ሰኞ ጠበቃ ዘንድ ሄጄ ሁሉንም በቃለ መሐላ አስጻፍኩ። የአባባን ስምና ሥራ፣ የባቡር ጣቢያውን፣ ችሎት ውስጥ ያልኩትንና ለምን እንዳልኩት። ወረቀቱ ጉዳዩን እንደገና ለሚያየው ቢሮ ደርሷል፤ ቅጂውን ከዚህ ጋር አድርጌልሻለሁ፣ ሄፕልም አንድ አለው። ጠበቃው በሐሰት መማል እንደሚያስከስሰኝ ነግሮኛል። ይምጣ። ኮሌጁ ደግሞ የገና በዓል ሲደርስ ክፍሌን እንድለቅ በጨዋ ቋንቋ ጠይቆኛል። ይህን የምነግርሽ እንድታዝኚልኝ አይደለም፤ ከጎረቤት ከምትሰሚው ከእኔ ብትሰሚው ብዬ ነው። ስለ ቢሮው ግን እውነቱን ልንገርሽ፤ ወራት ይፈጃል ብለውኛል።

የዚህ ሳምንት ማክሰኞ ካትበርትን ልጠይቅ እስር ቤት ሄድኩ።

ሌላ ጊዜ አንቺን እንደሚያገናኙሽ በጠረጴዛ ማዶ አላገናኙኝም፤ ፎቅ ወጥቼ መስኮት አጠገብ አልጋ ላይ ነው ያገኘሁት። እኔን ሲያይ ከት ብሎ ስቆ «እንዴት ነህ ሊቁ? ጫማህ ያምራል። ከማን ሰረቅከው?» አለኝ። ምን እንደመለስኩለት አላስታውስም። ተቀመጥኩና ለአንቺ አሁን የጻፍኩልሽን ሁሉ ነገርኩት። መስኮቱን እያየ ሰማኝ።

ስጨርስ «እኔ እኮ የጠላኸኝ መስሎኝ ነበር። ሚስቴንም ወንድምሽን ምን በድዬው ነው ብያታለሁ። ዝም አለችኝ» አለ።

«አፍሬ ነው» አልኩት።

«በማን?»

«በእናንተ። በቤታችን። በአባባ እጅ።»

የአባባን እጅ ታስታውሺዋለሽ፣ ከሰሉ ቁስሉ ውስጥ ገብቶ የቀረበትን ሰማያዊ መስመር። ካትበርት የራሱን እጅ ብርድ ልብሱ ላይ አገላብጦ አየው። እሱም እጅ ላይ አለ። ከዚያ «እንግዲህ ይሄ እውነት ነው። ሌላ ምክንያት ብትሰጠኝ ኖሮ አውጡልኝ እላቸው ነበር» አለኝ። ይቅር ብዬሃለሁ አላለኝም። እኔም አልጠየቅኩትም፤ አንቺንም አልጠይቅሽም።

ትንሽ ቆይቶ «ለመሆኑ ሥራህ ምንድን ነው? ሚስቴ ልትነግረኝ ሞክራ አቅቷታል» አለኝ። ቃል ማለት ሰዎች የሚሠሩበት ነው ብዬ የደወሉንም ነገር ነገርኩት። እስኪያስለው ሳቀ። ሳሉ ሲለቀው «ይህን ለማወቅ ነው ኦክስፎርድ ድረስ የሄድከው? ታች ብትወርድ ማንም በነፃ ይነግርህ ነበር» አለኝ።

ከዚያ ሳልጠይቀው የናትራስን ነገር አነሳ። «እኔ ያልኩትን ሁሉም ደጋግመው ጠየቁኝ። እሱ ምን ብሎ እንደመለሰልኝ ግን አንድ ሰው አልጠየቀኝም። ጠበቃው የተጠየቅከውን ብቻ መልስ ብሎኝ ነበር» አለ።

ምን አለህ አልኩት።

«ፋኖሱን አነሳና "እራትህ ይበርድብሃል" አለኝ። ከዚያ ገባ።»

እህቴ፣ አንድ ሰው የዛተበትን ሰው እራትህ ይበርድብሃል አይለውም። የሚጠብቀውን ሰው ነው እንዲህ የሚለው፤ ተጣልተው ሳለ፣ አትጠብቀኝ ሂድ ማለቱ ነው፣ እሱም እንደማይሄድ እያወቀ። የቃሉ ትርጉም እዚያ ጨለማ ውስጥ፣ በናትራስ አፍ ተመልሷል። ስለ ትርጉም መጽሐፍ የጻፍኩት እኔ መልሱ ምን ነበር ብዬ ለመጠየቅ አላሰብኩም። በማግስቱ ጠበቃው ዘንድ ተመልሼ ይህንንም አስጨምሬዋለሁ።

ልወጣ ስነሳ ስለ ባሮ ሽንኩርቱ ጠየቀኝ። በዋስ በነበረበት ጊዜ የተከላቸው፣ ለዘር ያስቀራቸው፣ ከአጥሩ ሥር ያሉት ሰባቱ። «ውርጭ ሳይመታቸው በጆንያ ይሸፈኑ፤ እሷ ጉልበቷን ያማታል፣ ጎንበስ አትበል። አንተ ሥራ ፈት ነህ፣ አንተ ሂድ» አለኝ። ስለዚህ ቅዳሜ በጠዋቱ ባቡር እመጣለሁ። በኋላ በር በኩል ገብቼ ሸፍኛቸው እሄዳለሁ። በሩን ካልከፈትሽልኝ አልቀየምሽም፤ ጆንያውን ብቻ ውጪ አስቀምጪልኝ።

አንድ ነገር ግን ቀረኝ። ካትበርት እጄን ይዞ አንድ ጉዳይ ለአንቺ እንዳልጽፍልሽ አስምሎኛል፤ እኔም ምያለሁ። በሐሰት አንድ ጊዜ ምያለሁና ይህን መሐላ ማፍረስ አልችልም። «ወፍሯል ብለህ ጻፍላት» ብሎኛል። እንግዲህ ወፍሯል። አንቺ ካትበርት እንዲህ የሚለው መቼ መቼ እንደሆነ ከእኔ የበለጠ ታውቂያለሽ።

የሚቀጥለውን ወር ቀጠሮ አትጠብቂ። ፎቁ ላይ ያለውን ኃላፊ አነጋግሬዋለሁ፤ ያለ ቀጠሮ፣ በፈለግሽው ቀንና ሰዓት ያስገባሻል። ልጆቹንም ይዘሽ ሂጂ፤ ደንቡ ባይፈቅድም አሁን ይገባሉ ብሎኛል። ባትዘገዪ ጥሩ ነው። የእሱን ወፍራም ሹራብ ያዢለት፣ መስኮቱ አጠገብ ይበርዳል።

አባባ በጸሎት ቤቱ የሚጠራው አምላክ መንገድሽን ያቅናልሽ፤ ለጉልበትሽ ብርታት፣ ለልጆቹ ጤና ይስጥልኝ።

ታናሽ ወንድምሽ